ዝምታዬን እሺ አትበሉት

ያረጋል ከኮኪት ገንዳ ውሃ ከተማ ድረስ በሰሊጥ ጭነት ላይ ተቀምጦ የመጣው አንዲት ጥያቄ ለመጠየቅ ነበር። በአጨዳ ወራት ለአንድ ጥያቄ ብሎ ግማሽ ቀን የሚያቃጥል የቀን ሠራተኛ አይገኝም፤ እሱ ግን መጣ። የሳጂድን የቆርቆሮ በር ገፍቶ ገባና አቧራውን እንኳ ሳያራግፍ «ያቺን ሴትዮ ክፈትልኝ» አለ።

ሳጂድ የጆሮ ማዳመጫውን ከራሱ ላይ አወረደ። ክፍሏ ጠባብ ናት፤ ድምፅ እንዳይረብሽ ግድግዳዋ በእንቁላል መያዣ ካርቶን ተለብጧል። ሳጂድ እዚህች ውስጥ ተቀምጦ የፈረንጅ ፊልም ላይ በአማርኛ እየተረከ በሜሞሪ ካርድ ይጭናል። ኔትወርክ ሲጠፋ፣ መንገድ ሲዘጋ፣ በየእርሻው ላለው ሳሉግ፣ ለወቅቱ አጫጅ፣ ከእሱ ድምፅ የቀረበ ወዳጅ የለውም። እሱ ራሱም ከሰባት ዓመት በፊት ከወሎ ማጭድ ይዞ የመጣ ሳሉግ ነበር። ነዶ ሥር ጥላ ይዞ ወሬ ሲያወራ ሠራተኛው ሥራ እየፈታ ቢያስቸግር፣ የእርሻው ኃላፊ «አንተ ልጅ፣ ወይ እጨድ ወይ አውራ» አለው። ማውራቱን መረጠ።

«የቷን ሴትዮ?»

«ሰገነት ላይ ቁማ የምታዜመዋን። ‘ዝምታዬን እሺ አትበሉት’ የምትለዋን። አርባ ሰው ሁነን በአንድ ሞባይል ዓይናችን እስኪፈስ አየናት። ግን አልገባንም።»

«ምኑ ነው ያልገባችሁ?»

«የምትናገረው የሚያስለቅስ ነው። እሷ ለምንድን ነው የምትስቅ?»

ሳጂድ ሊስቅ ቃጣው። አጫጆቹ ጥያቄ ያበዛሉ፤ ፈረሱ ለምን ነጭ ሆነ፣ ንጉሡ ለምን ጢሙን ተላጨ ይሉታል። ያም ሆኖ ፊልሙን ከፈተ፤ ጥቁርና ነጩ ምስል መጣ። ሴትየዋ ሰገነቱ ላይ ቆማ የአበባ እቅፍ ወደ ታች ትወረውራለች። ታች የቆመው ባለባርኔጣ ሰው አበባውን ቀልቦ ያሸታል። እሷም ጥርሷ ሁሉ እስኪታይ እየሳቀች ታዜማለች። በዚያ ሁሉ ሳቅ ላይ የሳጂድ የራሱ ድምፅ እንዲህ ይላል፦

«የአባቴ በር ብረት ነው፤ አባቴ ግን ብረት አይደለም። ዓርብ ሳይደርስ ሽማግሌ ላክ። ዓርብ ከደረሰ ሁለት ሰዎች በሩ ላይ ቆመው ይጠይቁኛል፤ ምላሴ ይታሰራል፤ ዝም ካለች እሺ ብላለች ብለው ይሄዳሉ። ዝምታዬን እሺ አትበሉት። ዝም የምለው ስምህን በአፌ ይዤ ነው፤ አፌን ከከፈትኩ ይወድቅብኛል።»

የሴትየዋ ዘፈን ከግማሽ ሳይደርስ አልቆ ነበር። ባለባርኔጣው ፈረስ ላይ ወጥቶ፣ ከተማውን ለቆ ሲሄድ የሳጂድ ድምፅ ገና ያነባል።

ሳጂድ ምስሉን አቆመ። መሳቢያውን ስቦ ሰኞ ዕለት የመጣለትን ወረቀት አወጣ። አንዴ አነበበው። ደግሞ ከመጀመሪያው አነበበው።

«ዛሬ ምንድን ነው?» አለ።

«ሐሙስ» አለው ያረጋል። «ምነው ፊትህ አመድ መሰለ?»

ዘፈን አልነበረም።

*

አንባቢዬ፣ አንድ ጎልማሳ ሰው ደብዳቤና ዘፈን መለየት ያቅተዋል ወይ ብለህ ሳጂድን ለመስደብ አትቸኩል። መስደቡን ለኋላ እናቆየውና ነገሩን ከሥሩ እንየው።

እነዚያን ፊልሞች ለሳጂድ የሰጡት ዓም ኢሕሳን ናቸው፤ ገዳሪፍ ሲኒማ ቤት አርባ ዓመት ያገለገሉ ሱዳናዊ ሽማግሌ። ጦርነቱ ሲያባርራቸው በመተማ በኩል የገቡት ከሁለት ነጠላ ጫማና ከአንድ ሀርድ ዲስክ ጋር ነበር። ዲስኩ ውስጥ ያለው ሁሉ አሮጌ ነው፤ ሆሊውድ ድምፅ ማውጣት በተማረ ማግስት የተሠሩ፣ ሰዎች ስለ ሻይ እያወሩ ድንገት ተነሥተው ዘፈን ውስጥ የሚገቡባቸው ፊልሞች። በሁሉም ውስጥ አንድ ዓይነት ወንድ አለ፤ ባርኔጣውን ወደ ግራ አዘንብሎ፣ አንድ ቅንድቡን አንሥቶ፣ ልክ አንተን ለብቻህ እንደሚያውቅህ ከምስሉ ውስጥ ቀጥ ብሎ የሚያይህ። አንዴ ሻምበል ነው፣ አንዴ ልብስ ሰፊ ነው፣ አንዴ የሰው አሽከር ነው። ሳሉጎቹ ተዋናዩ ቢለዋወጥም ሁሉንም «ሳቂታው» ይሏቸዋል። ሳቂታው ሁልጊዜ ከእሱ በላይ የሆነች ልጅ ይወዳል። መጨረሻ ላይ ደግሞ ካባው ሲገለጥ ልዑል ሆኖ ይገኛል፤ አባትየው ያቅፈዋል፤ ሁሉም ያዜማል።

የሳጂድ እንግሊዝኛ ስምንተኛ ክፍል ላይ የቆመ ነው። ፊት እያየ ይተርካል። ሰውየው ከተቆጣ የሚያስቆጣ ነገር፣ ካዘነ የሚያሳዝን ነገር ይፈጥርለታል። ዘፈን ሲመጣ ግን ዝም ይላል፤ ሌሎቹም ተራኪዎች እንዲሁ ያደርጋሉ።

ባዶ ካርዱን የሚገዛው ከሐጂ አብዱረሕማን ሱቅ ነው። ሐጂ በገንዳ ውሃ ስማቸው ከባድ ነጋዴ ናቸው፤ ሞባይል፣ ሶላር፣ ሜሞሪ በጅምላ ያወርዳሉ። ባንኮኒው ላይ የምትቀመጠው ልጃቸው ሪሐና ጎንደር አራት ዓመት እንግሊዝኛ ተምራ የተመለሰች ናት። አንድ ሰኞ ካርድ ሊገዛ ሲመጣ ዕቃውን አስረከበችውና ዓይኗን ሳታነሣ «የሻምበሉ እናት አልሞተችም» አለችው።

«ምን?»

«ባለፈው ፊልም ላይ እናቱ ሞታ ነው የሚያለቅሰው አልክ። ፈረሱ አንክሶ ነው።»

ሳጂድ አፈረ። ከዚያ ሳቀ። እሷም ሳቀች፤ ቶሎ ብላ በሻርቧ ጫፍ አፏን ያዘች። አባቷ ከውስጥ ሲያስሉ ሁለቱም የካርዱን ዋጋ ማውራት ጀመሩ።

በሚቀጥለው ሰኞ የካርዱ ማሸጊያ ውስጥ የታጠፈ ወረቀት አገኘ፤ የዘፈኖቹ ትርጉም ነበር። «ሳሉጉ እንዲገባው አድርገሽ ጻፊልኝ» ቢላት የፈረንጁን ወንዝ ሽንፋ ወንዝ፣ ቤተ መንግሥቱን የሐጂ ግቢ፣ የሠርጉን ቀን ዓርብ እያለች ጻፈችለት። ዓም ኢሕሳን ከሚያውቁት ሁሉ የበለጠ የምታውቀው እሷ ነበረች፤ ይህ ዓይነቱ ፊልም ኦፔሬታ እንደሚባል የነገረችውም እሷ ናት። ቀስ በቀስ በየዘፈኑ ጫፍ ፊልሙ ውስጥ የሌለ አንድ መስመር ትጨምር ጀመር። እሱም ገባው። ፊልሙ ካለቀ በኋላ፣ ሰው ሁሉ ስልኩን አጥፎ ከተነሣ በኋላ፣ አንዲት ቃል ብቻ በድምፁ ያስቀምጥላት ነበር። እሷ በከተማው የሚዞረውን የእሱን ካርድ ሁሉ እስከ መጨረሻው እንደምትሰማ ያውቃል። እሷ በወረቀት፣ እሱ በድምፅ፣ አንድ ዓመት ሙሉ እንዲህ ተነጋገሩ። እጅ ለእጅ ተነካክተው አያውቁም፤ ካርዱን ስትሰጠው እንኳ ባንኮኒው ላይ አስቀምጣ እጇን ታነሣለች።

ሰኞ ዕለት መብራት የመጣው ለሁለት ሰዓት ነበር። ሦስት እርሻ ካርድ ይጠብቃል። ሳጂድ ማሸጊያውን ቀደደ፣ ወረቀቱን ዘረጋ፣ ማይኩን ከፈተ። የተራኪ ደንቡ ዓይንህ ምስሉ ላይ ይሁን የሚል ነው፤ የዚያን ቀን ግን ዓይኑ ወረቀቱ ላይ ነበር። የእሷ ጽሕፈት ሆነና ከእሱ ላይ ማንሣት አልቻለም። ወረቀቱ ላይ ስም የለም፤ ብትያዝ እንኳ ዘፈን ነው እንድትል አስባ እንደ ዘፈን አድርጋ ነበር የጻፈችው። ጥንቃቄዋ ጉድ ሠራት። ኒካሁ፣ የሪሐና የጋብቻ ውል፣ ዓርብ እንዲታሰር፣ ሠርጉ ከአጨዳ በኋላ እንዲሆን የተወሰነው በቤተ ዘመድ መካከል ስለነበር ከተማው ገና አልሰማም።

ሳጂድ ያን ወረቀት ከንባብ ሁሉ አሳምሮ አነበበው። ያን ያህል ደስ ብሎት ኖሯል።

*

ሪሐና የሰማችው ማክሰኞ ነው።

አንድ ገበሬ ስፒከር ገዝቶ «እስቲ ይሠራ እንደሆነ» ብሎ እዚያው ባንኮኒው ላይ ከሳጂድ የገዛውን ካርድ ሰክቶ ከፈተ። ሦስት ሌሊት እያለቀሰች የጻፈችው ቃል በምትወደው ድምፅ ከሱቁ ወጥቶ መንገዱን ሞላው። የባጃጅ ሾፌር ሞተሩን አጥፍቶ አዳመጠ። የሻይ ሻጯ ከወንበሯ ተነሣች።

ሪሐና መጀመሪያ የተሰማት ድንጋጤ ነው። ቀጥሎ መጨረሻውን ጠበቀች። ሁልጊዜ ለእሷ ብቻ የሚያስቀምጣት ቃል አለች፤ አሁንም መልሱን እዚያ አስቀምጦት ይሆናል። ገበሬው ፊልሙን ዘልሎ መጨረሻውን ከፈተ። የሳጂድ ድምፅ መጣና «ዘፈኑ ጣፈጣችሁ? እኔስ ጣፍጦኛል» አለ። በቃ። ልቧን ለሳሉግ መሣቂያ አድርጎ ሸጦ፣ ከዚያ ጣፈጣችሁ ወይ ብሎ ጠየቀ።

ሐጂ መቁጠሪያቸውን አቁመው ያዳምጡ ነበር። «መልሰው እስቲ» አሉ። ገበሬው መለሰው።

«ምስኪን» አሉ ሐጂ። «ይቺ ልጅ አባት የላትም?»

«አላት እንጂ፣ በሩ ብረት ነው ትላለች» አለ ገበሬው።

«እሱማ በሩ ነው። እኔ አባቷ ብሆን እበሯ ላይ ቁሜ ተናገሪ ልጄ እላታለሁ። ሰው እንዴት ልጁን ምላሷ ታስሮ ይድራታል?» ራሳቸውን ነቀነቁና ወደ መቁጠሪያቸው ተመለሱ።

የራሷ አሮባት የሰው ታማስላለች ይባላል። ሐጂ አብዱረሕማን ክፉ አባት አይደሉም፤ ልጃቸውን ከዓይናቸው ብሌን ይወዳሉ። ያጩላት አብዱልሀኪምም ክፉ ሰው አይደለም፤ ሦስት የጭነት መኪና ያለው፣ ሰላቱን የማያጓድል፣ የሐጂ የጥንት ወዳጅ ልጅ ነው። ሐጂ ቃል ሲሰጡ ልጃቸው ዝም አለች፤ ዝም ካለች ደግሞ ደስ ብሏታል ብለው አሰቡ። አሁን እሳቸው በፊልሟ ሴት ሲያዝኑ ሪሐና ከጎናቸው ቆማ «አባባ፣ እኔ ነኝ» ልትል አፏን ከፍታ ነበር። ለማን ብላ ትናገር? ስሙን በአፏ ይዛ የኖረችለት ሰው ደብዳቤዋን ሸቀጥ አድርጎታል። አፏን ዘጋች።

ዓርብ ዝም እላለሁ አለች ለራሷ። እሺ ብለው ይጻፉት። እንዲህ ስትል የተሰማት እልህ ነበር፤ ከእልሁ ሥር ያለውን ግን ለማየት አልደፈረችም።

*

ሐሙስ ከዙህር ሰላት በኋላ ሳጂድ ሱቁ ደጃፍ ደረሰ። ከክፍሉ እዚያ ድረስ የሦስት ደቂቃ መንገድ ነው፤ እሱ ግን ሮጦ እንደመጣ ሰው ይተነፍሳል። ሐጂ ከባንኮኒው ኋላ ወንበራቸው ላይ ተቀምጠዋል። ያሰበው ሁሉ ጠፋበት። ሪሐና ብቻዋን ትሆናለች ብሎ ነበር።

«አሰላሙ አለይኩም ሐጂ።»

«ወአለይኩሙ ሰላም። ግባ፣ የፊልሙ ልጅ።»

ሪሐና ቀና አላለችም። «ስንት ካርድ?» አለች። ለማያውቁት ሰው የሚወጣ ድምፅ ነበር።

«ካርድ አልፈለግሁም። ሰኞ የወሰድሁት ተበላሽቶብኝ ነው የመጣሁት።»

«ካርዱ ደህና ነበር።»

«ካርዱማ ደህና ነው። ያበላሸሁት እኔ ነኝ። ምን እንደሆነ ሳላይ ነው የጫንሁት።»

«የተሸጠ ዕቃ አይመለስም» አለችና ግድግዳው ላይ የተለጠፈውን ማስታወቂያ በጣቷ አሳየችው። ያኔ ነው ቀና ብላ ያየችው። ሳጂድ አንድ ዓመት ሙሉ ያንን ዓይን ለማየት ሰኞን ሲናፍቅ ኖሯል፤ ዛሬ ግን ወደ ማስታወቂያው ዞረ። የዓይኗ ሽፋን አብጧል። ያሳበጠው እሱ ነው።

እውነቱን አውጥቶ ሊናገር ምላሱ ጫፍ ላይ ደረሰ። ‘ሐጂ፣ ያ ዘፈን አይደለም፣ የልጅዎ ደብዳቤ ነው’ ቢል ነገሩ ያልቅ ነበር። ግን የሚያልቀው በእሷ ላይ ነው። ከነጋዴው እስከ ሾፌሩ ሁሉም ሰምቶታል፤ የሐጂ ልጅ ለወንድ ጽፋ ነው ከተባለ እሷን የሚሸሽግ ቤት አይኖርም። ቃሉን ዋጠው።

«ወግዱ እስቲ፣ ስለ ካርድ ትጨቃጨቃላችሁ» አሉ ሐጂ። «ይልቅ አንተ ልጅ፣ ያቺ ሴትዮ መጨረሻዋ ምን ሆነ? ባለካርዱ ሰውዬ ሳያስጨርሰኝ ሄደ።»

ሳጂድ ፈጥሮ መተረክ እንጀራው ነው። የፊልሙ መጨረሻ ደግሞ ቀላል ነው፤ ሳቂታው ልዑል ሆኖ ይገኛል፣ ደረጃው ላይ ይሳሳማሉ። ሳጂድ ግን ባንኮኒው ላይ ያሉትን የሪሐናን እጆች እያየ ሌላ ተረከ።

«ሰውየው አልመጣላትም፣ ሐጂ።»

«ጠልቷት?»

«አይደለም። ዘፈን መሰለው።»

«ምኑ?»

«እሷ ድረስልኝ ትለዋለች፤ እሱ የምታዜም መሰለው። ለወትሮው ዘፈን ነበር የምትልክለት። ዜማው ደስ ቢለው ለሰው ሁሉ እያሰማ ዞረ። ለምን አሰማህ ቢሉት በማማሩ ነው የሚል፣ ሌላ ክፋት የሌለው። አንድ መንገደኛ ‘ይቺ ሴት የምታለቅስ አይደለም እንዴ?’ እስኪለው ድረስ አልገባውም። ሲገባው ሐሙስ ሆኗል።»

የሪሐና እጆች ካርድ መደርደራቸውን አቆሙ።

«ደደብ ነዋ» አሉ ሐጂ።

«አዎ። ደደብ ነው» አለ ሳጂድ። ድምፁ ተሰበረና ሳል አስመሰለው።

ሪሐና ካርዶቹን እንደገና መደርደር ጀመረች። አንዱ ከእጇ ወደቀ፤ አላነሣችውም። «ሐሙስ ከገባው» አለች፣ ዋጋ እንደምትጠይቅ ሁሉ በተረጋጋ ድምፅ፣ «ታዲያ ለምን ሽማግሌ አይልክም? አንድ ቀን አለው።»

«በሌላ ሰው እጮኛ ላይ ሽማግሌ አይላክም። ሐጂ ያውቃሉ።»

«ሐራም ነው» አሉ ሐጂ። «እውነቱን ነው፤ ያኛው እስካልተወ፣ ወይ እሷ እንቢ እስካላለች ድረስ ደጃፉንም አይረግጥ። እና በቃ፣ ምን ቀረው?»

«ለእሱ ምንም አልቀረው። የቀረው የእሷ አንድ ቃል ነው። ዓርብ ሲጠይቋት።»

መንገዱ ላይ ሰሊጥ የጫነ መኪና አለፈና መስታወቱ ተንቀጠቀጠ። ሪሐና ባንኮኒውን በሁለት እጇ ይዛ ቆማ ነበር። ሦስት ቀን የተሸከመችው ቁጣ ከላይዋ ሲወርድ ተሰማት፤ በቦታው የመጣው ግን ከቁጣው የባሰ ፍርሃት ነው። ስትቆጣ ዝም ማለት ቀሏት ነበር። አሁን ሊቀላት አይችልም።

«ግን እኮ» አሉ ሐጂ፣ ፊልሙ ውስጥ እንደገባ ሰው ወደ ፊት ዘንበል ብለው፣ «ይሄ ሳቂታ የምትሉት ኋላ ልዑል ሁኖ ይገኛል አሉኝ። ይገለጥና አባትየው እሺ ይላላ።»

ሳጂድ የሸሚዙን ቁልፍ ነካ። ሸሚዙ ንጹሕ ነበር፤ አንገትጌው ግን ተበልቷል። «በፊልሙ አዎ» አለ። «ልዑል ባይሆንስ ሐጂ? ካባውን ቢያወልቁት ከውስጥም ያው እሱ ቢሆንስ?»

ሐጂ አሰቡበት። ሰው ሲጠይቃቸው አስበው የሚመልሱ ሰው ናቸው።

«ይሄማ ፊልም አይሆንም» አሉ።

ሳጂድ ተሰናብቶ ወጣ። ደጃፉን ሲሻገር ዞር አላለም፤ ዞር ቢል መራመድ የሚችል አልመሰለውም።

*

ዓርብ ከጁምዓ መልስ የሐጂ ግቢ ሞላ። ድንኳኑ ውስጥ ወንዶቹ ምንጣፍ ላይ ተቀምጠዋል። አብዱልሀኪም ነጭ ጀለቢያ ለብሶ፣ በእንግዶቹ መካከል አንገቱን ደፍቶ ይጠብቃል። ሸሁ ደርሰዋል። የቀረው ሙሽሪትን መጠየቅ ብቻ ነው።

በዚያው ሰዓት ሳጂድ ክፍሉ ውስጥ ነበር። መብራት መጥቷል፤ ማይኩን ግን አልከፈተም። ያረጋል ወደ ኮኪት አልተመለሰም፤ ምን እንደሆነ ሳይነገረው ገብቶት፣ በር ላይ ካለችው ዱካ ላይ ቁጭ ብሎ አብሮት ዋለ። ስለሌላ ሰው ፍቅር ሲያወራ ሰው ሁሉ የሚሰማው ሳጂድ፣ ለራሱ አንዲት ቃል ማውጣት አቅቶት ተቀምጧል።

ሪሐና ጓዳ ውስጥ ሻርቧን ተከናንባ ምንጣፍ ላይ ናት። አክስቷ ዘሀቢያ እጇን ይዘዋታል። «እጅሽ በረዶ ሁኗል፣ እመዬ» አሏት። «ምንም አይደል። እኔም እንዲሁ ነበርሁ። ዝም በይና ያልፋል።»

የግቢው ቤት በሮች ሁሉ ብረት ናቸው። ዓርብ ዕለት የጓዳው በር ተዘግቶ፣ ከውጭ ሁለት ምስክሮች ቆሙ። ሐጂም አብረዋቸው መጡ። ልማዱ ድንኳን ውስጥ ሆነው እንዲጠብቁ ነበር፤ ለምን ተነሥተው እንደተከተሉ እሳቸውም አልገባቸውም። ከማክሰኞ ጀምሮ አንድ ነገር ውስጣቸውን ይቆረቁራቸዋል፤ በፊልም ሴት ሲያዝኑ የሰነበቱ መስሏቸዋል።

«ሪሐና ቢንት አብዱረሕማን» አለ አንደኛው ምስክር፣ «ለአብዱልሀኪም እንዲድሩሽ አባትሽን ወክለሻል?»

ዝም።

ሪሐና የግቢውን ድምፅ ሁሉ ትሰማለች። የወንዶቹን ማጉረምረም፣ የሰሃኑን መጋጨት። ይህን ሁሉ ሰው የሰበሰቡት አባቷ ናቸው። አንድ ቃል ካወጣች የአባቷ ቃል በዚህ ሁሉ ሰው ፊት ይወድቃል። ካላወጣች ሁለት ሰዎች እሺ ብላለች ብለው ይሄዳሉ፤ ከዚያ ወዲያ እንደሷ ፈቃድ የሚሆን ነገር በዕድሜዋ አይኖርም። አባቷን ትወዳለች። እንዲህ የከበደውም ስለምትወዳቸው ነው።

«ሪሐና፣ አባትሽን ወክለሻል?»

ዝም። የአክስቷ እጅ ጠበቅ አደረጋት።

«ለሦስተኛ ጊዜ ነው፣ ልጄ። ወክለሻል?»

«አፍራ ነው» አሉ ዘሀቢያ ከውስጥ። «ልጃገረድ ዝም ካለች እሺ ማለቷ ነው። ሂዱ፣ ንገሩ።»

የምስክሮቹ ጫማ ሲዞር ተሰማ። አንድ እርምጃ፣ ሁለት እርምጃ። ሪሐና እጇን ከአክስቷ እጅ አስለቀቀችና ተነሣች። ግንባሯን ብረቱ በር ላይ አስደገፈች። ቀዝቃዛ ነበር። አፏን ስትከፍት ያዘጋጀችው ቃል ሁሉ ጠፍቶ የመጣላት አንድ ነው፤ በእጇ የጻፈችው፣ በእሱ ድምፅ የሰማችው፣ ቆላው ሁሉ የሚያውቀው።

«የአባቴ በር ብረት ነው» አለች።

እርምጃው ቆመ።

«ምን አለች?» አለ አንደኛው ምስክር።

«አባቴ ግን ብረት አይደለም። ዝምታዬን እሺ አትበሉት።»

ሁለተኛው ምስክር ግራ ገብቶት ወደ ጓደኛው ዞረ። «ይሄ የዚያ ፊልም ዘፈን አይደለም እንዴ?» አለ በለሆሳስ። «ሁላችን የሰማነው?»

ሐጂ አልመለሱለትም። መጀመሪያ የታሰባቸው የሐሙሱ ልጅ ነው፤ የተበላ አንገትጌውን እየነካ ‘ያው እሱ ቢሆንስ’ ያላቸው። ቀጥሎ ልጃቸው ባንኮኒውን በሁለት እጇ ይዛ ‘ለምን ሽማግሌ አይልክም’ ስትል። ቀጥሎ የራሳቸው ድምፅ፣ ማክሰኞ፣ መቁጠሪያ በእጃቸው፣ ይቺ ልጅ አባት የላትም ወይ ሲል። ሦስት ቀን ሙሉ ያዘኑላት ሴት በአንድ ብረት ውፍረት ከወዲያ ቆማ ትተነፍሳለች። ለካ የፊልም ሴት አልነበረችም።

ከድንኳኑ ውስጥ «ሐጂ፣ ሸሁ ይጠብቃሉ» የሚል ድምፅ መጣ። ሐጂ በዕድሜያቸው የሰጡትን ቃል አጥፈው አያውቁም። ሰውም የሚያከብራቸው ለዚህ ነው። ተናደዱ፣ አፈሩ፣ ደግሞ አዘኑ፣ የትኛው እንደሚበልጥ መለየት አቃታቸው። መዳፋቸውን በሩ ላይ ጫኑ። ከወዲያ የእሷ ግንባር ያለበት ቦታ መሆኑን አላወቁም።

ሁለቱ ምስክሮች የሐጂን ፊት እያዩ ይጠብቃሉ። ሪሐና ዓይኗን ጨፍናለች።

«ተናገሪ፣ ልጄ» አሉ ሐጂ።